ባዶውን የተመዘነ መትረየስ

ከደሴ እስከ አላማጣ ባለው አስፋልት ግራና ቀኝ፣ ስለ መትረየስ አሠራር እኔን የሚያህል አዋቂ አልተፈጠረም። ተፈጥሮ ከሆነም በልጅነቱ ተቀጭቷል። መትረየስ ከተራራ ማዶ ሲያስል ከሰማሁ የተወለደበትን አገር፣ ያደገበትን ፋብሪካ፣ የሠራውን መሐንዲስ ጠባይ ጭምር እነግራችኋለሁ። መርሳ ውስጥ ይህን የማያምን ሰው ካለ አዲስ ገቢ ነው።

አንዲት ትንሽ ነገር ብቻ ትጎድለኛለች። መትረየስ ነክቼ አላውቅም። መትረየስ ይቅርና ክላሽ ይዤ ፎቶ እንኳ አልተነሣሁም። በያጅ ነኝ። ከዋናው መንገድ ገባ ብላ ባለች ሱቅ የላሜራ በርና መስኮት እሠራለሁ፣ የተጋጨ ባጃጅ አቃናለሁ። በሕይወቴ የተኮስኩት ወንጭፍ ብቻ ነው፤ እሱንም ማሽላ የምትለቅም ወፍ ላይ አነጣጥሬ የጎረቤታችንን ጋን ሰበርኩበት። ጋኑ ከወፏ ኋላ ነበር እንዳልል፣ ወፏ በግራ፣ ጋኑ በቀኝ ነበር።

ታዲያ ያ ሁሉ እውቀት ከየት መጣ ብትሉ፣ ከስልኬ ነው። ለምን መጣ ብትሉ፣ እናቴ ስለጠየቀችኝ ነው።

ታናሽ ወንድሜ ከመርሳ ወልድያ የሚመላለስ የሚኒባስ ሹፌር ነበር። ትከሻው የበር ስፋት ነው፤ እኔ በር ሠሪ ነኝ፣ ስለ በር ስፋት አልዋሽም። ጋቢና ውስጥ እሱ ከተቀመጠ አጠገቡ የሚተርፈው ቦታ ለአንድ ቀጭን ተማሪ ብቻ ነው ብሎ ባለመኪናው ሲያማርር ይኖር ነበር። ያ ትከሻ ግን ጉድ ነበረበት። ልጅ ሳለ ከማንጎ ዛፍ ወድቆ ቀኙ ተሰብሯል። ወጌሻ አሽቶ፣ በሸንበቆ አስሮ ጠገነው። ጠገነው ማለት ከላይ ሲታይ ነው። ብርድ በመጣ ቁጥር መሪውን በግራ እጁ ብቻ ይዞ ቀኙን ጭኑ ላይ ያሳርፋል። ተሳፋሪው የሹፌር ኩራት ይመስለው ነበር። እንደሚያመው የምናውቀው እናቴና እኔ ብቻ ነን፤ ለሌላ ሰው ትንፍሽ ብሎ አያውቅም።

ጦርነቱ ሲመጣ ዘመተ። ስለ ጦርነቱ የምለው የለኝም። ከእኔ የተሻለ የሚናገሩ ብዙ አሉ፤ ከሁሉ የተሻለ ሊናገሩ የሚችሉት ደግሞ ዝም ብለዋል።

ከማሠልጠኛ የደወለ ቀን እየሳቀ ነበር። ብሬን ሰጡኝ አለ። እኛ አገር የመትረየስ ዘር አይለይም፤ አንድ ሰው ተሸክሞት የሚሄደው ሁሉ ብሬን ነው የሚባለው። ትከሻዬን አይተው ነው የመረጡኝ፣ ከሌላው ሰው ሁሉ ለኔ ይቀለኛል ብለው አለኝ። እናቴ ስልኩን ከእጄ ነጠቀችኝ። ሌላ እናት ብትሆን ምግቡን ትጠይቃለች፣ መኝታውን ትጠይቃለች። የኔ እናት የጠየቀችው አንድ ነገር ነው።

«ያ የሰጡህ ነገር ይከብዳል?»

መልሱን ሳንሰማ መስመሩ ተቋረጠ። ከዚያ በኋላ እሱ ያለበት አካባቢ ኔትወርክ ጠፋ። ጥያቄው እኔ ላይ ወደቀ።

እናቴ ሸክም የምታውቅ ሴት ናት። አህያ ያልነበረን ጊዜ ማሽላውን እስከ ግራና ከተማ ገበያ በጀርባዋ ያመላለሰች እሷ ናት። ስለዚህ በግምት አትታለልም። ብዙም አይከብድ ይሆናል ብላት ፊቷን አዞረችብኝ። ይሆናል ማለትን ለሌላ ሰው ንገር፣ ብረት ስትቀጠቅጥ የምትውል አንተ ነህ፣ እወቅና ንገረኝ አለች።

እኔም ለማወቅ ተነሣሁ። መብራት በጠፋ ቁጥር ሱቄ ደጃፍ ቁጭ ብዬ አነባለሁ። መርሳ ላይ መብራት የሚጠፋው ሲኖር ብቻ ስለሆነ ለንባብ በቂ ጊዜ አገኘሁ።

መጀመሪያ የተረዳሁት ነገር መትረየስ ድሮ ከብት እንደነበር ነው። መንኮራኩር ላይ ተጭኖ ይነዳል፣ እንዳይግል ውሃ ይጠጣል፣ ብዙ ሰው ይከተለዋል። የጎደለው በረት ብቻ ነው። ኋላ አንዱ መሐንዲስ ተነሥቶ ይህን ከብት አንድ ሰው ይሸከመው አለ። ከዚያ ወዲህ ያለው የመትረየስ ታሪክ በሙሉ የማክሳት ታሪክ ነው። ውሃውን ከለከሉት፤ በምትኩ አፈሙዙ ሲግል ተነቅሎ ሌላ እንዲገባ አደረጉ። ከወፍራም ብረት ይፈለፈል የነበረውን ገላውን ላሜራ አጥፈው ሠሩት። እዚህ ላይ ስደርስ ከመቀመጫዬ ብድግ አልኩ። ይኼማ የኔ ሥራ ነው! አገር የሚያንቀጠቅጠው ነገር ከመስኮት የሚለየው በትንሽ ነው ለካ። ሰደፉን መሐሉን ቦርቡረው ጠርዙን ብቻ አስቀሩት። አዳዲሶቹ ላይ እንጨቱን በፕላስቲክ ለወጡት። ከፊቱ ሁለት ቀጫጭን እግር ሰጡት፤ መሬት ላይ ሲያስቀምጡት እንደ ፌንጣ ይቆማል። ጥይቱ ሲወጣ ከገፊው ጭስ ጥቂቱን በትንሽ ቀዳዳ ይሰርቅና በዚያ ጉልበት ቀጣዩን ራሱ ይጎርሳል። በሰንሰለት የተሰካ ጥይት ከጎኑ እየተሳበ ይገባለታል፤ አጉራሽ አይፈልግም።

ያ ሁሉ የባዕድ አገር መሐንዲስ ተሰብስቦ ብረቱን ግራም በግራም የሚፍቀው ለወንድሜ ቀኝ ትከሻ አስቦ መሰለኝ። ሞኝነት ነው። ሰው ግን ለሚወደው ሰው ሲያነብ እንደዚህ ነው የሚያነበው። የሰደፉን ቀዳዳ በፎቶ ሳይ ጣቴን ስልኩ ላይ አሳርፌ፣ እግዜር ይስጥህ፣ እዚህም ላይ ቀንሰህለታል ያልኩበት ቀን አለ።

ለእናቴ የነገርኳት ግን እንዳነበብኩት አይደለም። ወሬን ሳላፋፋ ማቀበል ሕመም ይሆንብኛል። እማዬ፣ ድሮ በበቅሎ ነበር የሚጫነው፣ ዛሬ እንደ ጃንጥላ ብብት ውስጥ ይገባል አልኳት። የቄሱ መቋሚያ ከሱ ይከብዳል አልኳት። ነፋስ ሲነሣ ድንጋይ ካልጫኑበት ይበራል አልኳት። እሱ ከሄደ ወዲህ ስትስቅ ያየኋት ያኔ ነው። ሳቋ እንዳያልቅ ብዬ በየሰንበቱ እቀንስላት ጀመር። መሐንዲሶቹ ዕድሜያቸውን ፈጅተው ያልቀነሱትን እኔ በአንድ ክረምት ቀነስኩት። ጎረቤት ሲመጣ፣ የልጄ መሣሪያ ቀላል ነው፣ ወንድሙ አጥንቶታል ትላለች። ማንን እንደምታጽናና አላውቅም።

በዚያው ሰሞን ለአንድ የዩኒቨርሲቲ መምህር በር ልገጥም ወልድያ ሄድኩ። የመካኒክስ መምህር መሆኑን ስሰማ አፌን ማን ይይዘዋል፤ መሰርሰሪያውን አስቀምጬ ስለ መትረየስ አቀልጠው ጀመር። ሰውየው ደግ ነው፣ እስክጨርስ ሰማኝ። ከዚያ የከባድና የቀላል በር ምሳሌ አምጥቶ አንድ ነገር አስረዳኝ። መሣሪያው በቀለለ መጠን ሲተኮስ ይዘላል፤ ከብረቱ ላይ የተነሣው ክብደት ትከሻ ላይ በምት ይመለሳል። ደግሞም አለ፣ መሣሪያው ቀለለ ተብሎ ወታደሩ እፎይ አይልም፣ በተረፈው ጉልበት ተጨማሪ ጥይት ይጨምሩበታል። ክብደት ቦታ ይቀይራል እንጂ አይጠፋም አለኝ። በሩን ገጥሜለት ወጣሁ። ይህን ለእናቴ አልነገርኳትም። እሱ በር አያውቅም፣ መትረየስም አያውቅም ብዬ ለራሴ እያወራሁ መርሳ ገባሁ።

መርዶው የመጣው ጎህ ሲቀድ ነው። እኛ ዘንድ በዚያ ሰዓት የቅሬ ሽማግሌዎች በር ላይ ቆመው ካየህ ለምን መጣችሁ ብለህ አትጠይቅም። ቅሬ ሐዘን የሚሸከምልን የጎረቤት ማኅበር ነው፤ እስላሙም ክርስቲያኑም አብሮ ነው የሚመጣው። በሩን ከፈትኩና፣ አመል አይለቅም፣ «ምነው በጠዋቱ፣ በር ልታሠሩ ነው?» አልኳቸው። አንድም ሰው አልሳቀም። ሴቶቹ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ከኋላ ቆመዋል። ከወንዶቹ መሐል አንድ ሽንኩርት ነጋዴ ወዳጄ ወጥቶ አቀፈኝ፣ አጥብቆ ያዘኝ። እናቴ ከውስጥ ማነው እያለች ትጠይቃለች።

ሬሳ የለም። ከወደቀበት ያመጣው የለም። ሬሳ የሌለው ለቅሶ መቆሚያ ያጣል፤ ዓይን የሚያርፍበት ይፈልጋል። ስለዚህ የሟቹ ዕቃ ለቅሶው ሜዳ ላይ ይወጣል፤ ልብሱ፣ ፎቶው፣ መሣሪያ የያዘ ሰው ከሆነም መሣሪያው። ዘመድ በየተራ እየተሸከመው ሜዳውን ይዞራል፣ አልቃሿም እሱን እያየች ትገጥማለች። ልብሱን አገኘን። የሹፌርነት ጃኬቱን አገኘን። መሣሪያው ግን የመንግሥት ነው፤ የት እንዳለም የሚያውቅ የለም። አንድ ሽማግሌ የልጃቸውን ክላሽ ሊያውሱን ይዘው መጡ። እናቴ እጃቸውን ስማ መለሰቻቸው።

«በሰው መሣሪያ በልጄ ላይ አይለቀስም፣ አባቴ። እኔ መሸከም የምፈልገው እሱ የተሸከመውን ነው።»

ሁሉም ዞሮ እኔን አየ። ከደሴ እስከ አላማጣ አዋቂው ማን ነበር? እሠራዋለሁ አልኩ።

ሱቄን ከውስጥ ቆልፌ ሠራሁት። ለአፈሙዙ የውሃ ቱቦ፣ ለገላው የበር ላሜራ፣ ለእግሩ የአሮጌ ሞተር ሳይክል ማቆሚያ። የሰደፉን ቀዳዳ በፎቶው ልክ ቆረጥኩ። በመበየጃ መነጽር ውስጥ ማልቀስ እንደማይቻል ያን ቀን ነው የተማርኩት፤ ጉም ይሠራል። ግራ ጎኑ ላይ ያለው ብየዳ የጀማሪ የሚመስለው ለዚህ ነው። ሲያልቅ በጆንያ ጠቅልዬ ወደ ሽንኩርት ነጋዴው መጋዘን ወሰድኩት። ወንድሜ የዚህን ሰው ሽንኩርት ወልድያ ያደርስለት ነበር። የሽንኩርት ሚዛኑ ላይ አጋደምነው። ስልኬ ላይ ካነበብኩት ክብደት ጎደለ። ቱቦው ውስጥ አሸዋ መጨመር ጀመርን። ወዳጄ እፍኙን በጨመረ ቁጥር ቢስሚላህ ይላል። ስልኬ ላይ የተጻፈው ልክ ሲመጣ ሁለታችንም ከሚዛኑ ራቅ ብለን ቆምን።

«ይኼ ነው?» አለኝ።

«ይኼ ነው።»

አላህ ይዘንለት ብሎ ፊቱን በኩታው ሸፈነ።

ለቅሶው ሜዳ ጥግ ላይ አንድ ሚሊሻ አስቆመኝ። ይተኩሳል ወይ ሲል የሚተኩሰው የሠራው ሰውዬ ነው፣ በአፉ አልኩት። ልጁ ቀረብ ብሎ ብየዳውን አየና ባርኔጣውን አውልቆ አሳለፈኝ። ትከሻዬ ላይ አድርጌው ስገባ ሕዝቡ ለሁለት ተከፍሎ መንገድ ሰጠኝ። ከሱቄ እስከዚያ ድረስ ተሸክሜው የመጣሁ ነው የመሰላቸው።

እናቴ ጭን ላይ አስቀመጥኩት። መጀመሪያ በመዳፏ ዳሰሰችው። እግሩን አጥፋ ዘረጋችው። በሰደፉ ቀዳዳ እጇን አስገብታ ቆየች። ከዚያ ብድግ አለችና ቀኝ ትከሻዋ ላይ አደረገችው። እናቴ የገበያ ሸክም እንደምታመዛዝን ሴት ከፍ ዝቅ አደረገችው። ፊቷ ጥቂት የተፈታ መሰለኝ። ቃሌ እውነት ሊሆንልኝ ነው ብዬ ሳስብ ወደ እኔ ዞረች።

«ጥይቱስ?»

«የምን ጥይት፣ እማዬ?»

«ልጄ ባዶውን ነው እንዴ ተሸክሞ የሄደው?»

ስልኬ ላይ የተጻፈው የባዶው ነበር። ሠሪዎቹ የሚጽፉት የባዶውን ነው፤ ቀላል የሚባለው ባዶው ነዋ። እኔም የጻፉልኝን በሽንኩርት ሚዛን አስመዝኜ፣ በአሸዋ አስተካክዬ አመጣሁላት። ከረጢቱን ለብቻው መዝኖ ማሽላው ይኼን ያህል ነው የሚል በያጅ እንዴት እንደሚባል እንጃ።

ከሰው መሐል አንድ ምርኩዝ የያዘ ወጣት ተነሣ። የግራና ልጅ ነው፤ ከወንድሜ ጋር ነበረ፣ ቆስሎ ተመልሷል። መትረየስ ያለ ሁለተኛ ሰው አይንቀሳቀስም፤ ጥይቱን የሚይዝለት እሱ ነበር። እናቴ አጠገቡ ሄደች፣ መሣሪያውን ከትከሻዋ ሳታወርድ።

«ንገረኝ እስቲ ልጄ።»

«ይቀመጡ፣ እማማ።»

«ቆሜ ነው የምሰማህ።»

ልጁ መሬት መሬት እያየ ነገራት። ወንድሜ መሣሪያውን ሁልጊዜ ከነጎረሰው ጥይት ይይዝ ነበር። የቀረውን ጥይትና መለዋወጫውን አፈሙዝ የሚሸከመው ይህ ልጅ ነው። ይኸው ልጅ የተመታ ዕለት ግን ወንድሜ የሱንም ወሰደ። ሰንሰለቱን በአንገቱ አጠለቀ፣ አፈሙዙን በጀርባው አሰረ፤ አንተ እግርህን ብቻ ተሸከም ብሎት ሄደ። ከዚያ በኋላ አላየውም።

«በየትኛው ትከሻው ነበር የሚይዘው?» አለች እናቴ።

«ሲጓዝ በግራው ነው። ግራኝ መስሎን እንቀልድበት ነበር። ሲተኩስ ግን በቀኙ ነው፣ እማማ። መሣሪያው ለግራኝ አይመችም።»

እናቴ ዓይኗን ጨፈነች። እኔ መሪውን በግራው ይዞ፣ ቀኙን ጭኑ ላይ አሳርፎ ታየኝ።

«ከበደኝ ብሎ ያውቃል?»

«አያውቅም። ቀላል ነው ነው የሚለን። ወንድሜ በር ሠሪ ነው፣ ከዚህ የባሰ በር አብሬው ተሸክሜ ነው ያደግኩት ይለን ነበር።»

እዚህ ላይ ሰው ሁሉ አለቀሰ። እኔ ግን መጀመሪያ የተሰማኝ ሌላ ነው። ለካ ሁለታችንም አንድ ዓይነት ወሬ ስናወራ ከርመናል፤ እኔ ሱቄ ደጃፍ፣ እሱ ምሽግ ውስጥ። እኔ እናቴን ለማሳቅ፣ እሱ ይህን ልጅ ለማሳቅ። የኔን ወሬ የሚሸከምልኝ እሱ ነበር። የሱን ግን ማን ይሸከምለት።

እናቴ ሙሉልኝ አለች። ማንም አልተከራከራትም። ነጋዴው ወዳጄ ከሱቄ ብሎንና ቁርጥራጭ ብረት በጆንያ አስመጣ። የግራናው ልጅ ተቀምጦ በእጁ እየመዘነ ወደ ሌላ ከረጢት ይጨምር ጀመር። አንዴ ይበቃል ብሎ አነሣው፣ አሰበ፣ ደግሞ ጨመረ። የራሱን ድርሻ መጨረሻ ላይ ጨመረ። ከረጢቱን መሣሪያው ላይ አሰርነው። እናቴ ጎንበስ ብላ አነሣችው፤ ቀኝ ትከሻዋ ላይ። ሊያግዟት የሮጡትን ወንዶች በክርኗ ገፋቻቸው። ሜዳውን ዞረች። ቀስ ብላ፣ ከግራና ገበያ ስትመለስ እንደምትራመደው፣ እግሯን መሬት ላይ አጥብቃ እያሳረፈች። አልቃሿ አልገጠመችም። የሚሰማው የብሎኑ መንሿሿት ብቻ ነው።

ዞራ ስትመለስ እኔ ፊት ቆመች። ቆጣ ትላለች ብዬ ጠብቄ ነበር፤ ጃንጥላውን፣ መቋሚያውን፣ ነፋሱን ታስታውሰኛለች ብዬ። አንዱንም አላነሣችም።

«ይከብዳል» አለች።

ያን ቀን በስልክ የጠየቀችውን ራሷ መለሰች።

በወጉ ቀጥሎ የሚሸከመው ታላቅ ወንድም ነው። ተቀበልኳት። የባዶውንና የሙሉውን ልዩነት ልንገራችሁ ብል ደግሞ ልታምኑኝ አይገባም፣ ስለዚህ የሆነውን ብቻ ልናገር። ከሜዳው መሐል ያለችው ሾላ ጋ ስደርስ ቀኝ ትከሻዬ ተገነጠለ መሰለኝ። ወደ ግራ አዛወርኩት። ጥቂት ሄድኩና ቆምኩ። መሬት እንዳላወርደው ነውር ነው፣ እንዳልሄድ እግሬ እምቢ አለኝ። ሕዝቡ ፊቱን አዞረልኝ። አሮጊት እናቴ ሜዳውን አቋርጣ መጥታ ከትከሻዬ አወረደችውና የቀረውን ዙር እሷ ጨረሰችልኝ። እኔ ባዶ እጄን ከኋላዋ ተከተልኩ።

መሣሪያው አሁን እናቴ ቤት፣ በሩ ኋላ ቆሟል። ከረጢቱን እንዳልፈታው ከልክላኛለች። በሄድኩ ቁጥር አየዋለሁ፣ አላነሣውም።

ይኼን ሁሉ ካወራሁ አንዱን ልደብቅ አልችልም። ባዶውንም ቢሆን ከሱቄ ተሸክሜ አላመጣሁትም። በባጃጅ ነው ያመጣሁት። ከሚሊሻው ትንሽ መለስ ብሎ ካለው ጥግ ላይ ወርጄ፣ ሰው አለማየቱን አረጋግጬ፣ ከዚያ ነው ትከሻዬ ላይ ያደረግኩት።